ሥራው አይወረስም፤ ልጁም አይጣል



አንድ የመንግሥት ሠራተኛ ባረፈ ቁጥር የለቅሶው ድንኳን ገና ሳይፈርስ የሚነሳ ጥያቄ አለ፤ «ልጁን በአባቱ ቦታ ይቅጠሩልን» የሚል። ለዚሁ የድጋፍ ፊርማ እንድናሰባስብ ማኅበራችንም ተደጋግሞ ተጠይቋል። ጥያቄው አይገርመንም። ምኒልክ አደባባይና ማዘጋጃ ቤቱ ቅርባችን ነው፤ ጸሐፊውም፣ ተላላኪውም፣ ጥበቃውም ጎረቤታችን ነው። ደመወዝ የሚያስገባው አንዱ ሰው ሲሞት እናት ምን ይዋጣት? በዚያ ላይ በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ ብዙ ቤት ሲፈርስ ጎረቤት ተበታትኗል፤ ደጋፊውም ሳስቷል።

ይህ ሁሉ እንዳለ ሆኖ አቋማችንን በግልጽ እንናገራለን፤ ይህን ፊርማ አናሰባስብም።

ለምን ቢሉ፣ የመንግሥት ሥራ የሟቹ ንብረት አልነበረም። በሕጋችንም ክፍት የሥራ ቦታ የሚሞላው በውድድር ነው። እስቲ እናስብ፤ አባቱ ሊስትሮ ወይም ተሸካሚ የነበረ ልጅስ የማንን ወንበር ይውረስ? እሱም የሙት ልጅ ነው፤ እሱም ማስታወቂያ ሰሌዳ ሥር ቆሞ ሥራ ይፈልጋል። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው አስተሳሰብ ወንበርን የግል ማዕድ ያደረገ ነው፤ እኛ ደግሞ ማዕዱን በውርስ እናስቀጥል ማለታችን ይሆናል።

የሌላውን አገር ብናይ፣ የሕንድ ማዕከላዊ መንግሥት ለሟች ሠራተኛ ቤተሰብ ሥራ ይሰጣል፤ ግን በዝቅተኛ ደረጃ በቀጥታ ቅጥር ከሚሞላው ቦታ 5 በመቶውን ብቻ ነው። ቤተሰቡ ብዙ፣ ቦታው ጥቂት ነውና ወረፋው አያልቅም። በፓኪስታን ደግሞ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በጥቅምት 2017 ዓ.ም. እንዲህ ያለው ቅጥር የዜጎችን እኩልነት ይጻረራል ብሎ ሽሮታል።

ታዲያ ልጁ ሜዳ ላይ ይውደቅ? በፍጹም! የሚወረስ ነገርማ አለ፤ እሱም የጡረታ አበል ነው። ሠራተኛው ከየወሩ ደመወዙ 7 በመቶ ሲያዋጣ የኖረበት ነውና ምጽዋት አይደለም፤ መብት ነው። በ2014 ዓ.ም. በአዋጅ 1267 የተተካው የ2003ቱ አዋጅ 714 ለሚስት ወይም ለባል የሟቹን አበል ግማሽ፣ ለእያንዳንዱ ልጅ 20 በመቶ ወስኖ ነበር። ችግሩ በዚያ አዋጅ የልጁ ድርሻ 18 ዓመት ሲሞላው መቋረጡ ነበር። ልጁ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሶ ኮሌጅ ልግባ በሚልበት ጊዜ፣ ገና አንድ ብር ሳያገኝ፣ እጁ ባዶ ይቀር ነበር። «በአባቱ ቦታ ይቀጠር» የሚለው ልመና የሚመጣውም ከዚሁ ክፍተት ነው።

እንግዲህ ፊርማ ካሰባሰብን በዚህ ላይ እናሰባስብ፤ በትምህርት ላይ ያለ የሙት ልጅ ድርሻው ትምህርቱን እስኪጨርስ ይራዘምለት። በ1970ዎቹ በጦርነት ወላጅ ላጡ ልጆች አላጌ ላይ ሕፃናት አምባ ሲቋቋም የተሰጣቸው የአባታቸው ወንበር ሳይሆን ማደሪያና ትምህርት ነበር። ስለዘመኑ ሌላ ሌላው ይነገር፤ ይህኛው ግን ልጅን ለውድድር የሚያበቃ ሐሳብ ነው።

እስከዚያው በእጃችን ያለውን እንሥራ። ብዙዎቻችን በሽማግሌ ተጋብተን የጋብቻ ወረቀት ሳናወጣ ኖረናል፤ ሞት ሲመጣ ሚስት ሚስትነቷን ለማስረዳት ደጅ ትጠናለች። ስለሆነም የጋብቻና የልጆች ልደት ምስክር ወረቀት ያላወጣችሁ ወረዳ ሄዳችሁ በጊዜ አውጡ፤ በመሥሪያ ቤታችሁ ማኅደርም የቤተሰባችሁ ስም መመዝገቡን አረጋግጡ። ሐዘን የደረሰበት ቤተሰብ ምስክር ቢያጣ፣ የሚያውቁት ጎረቤቶች አብረው ቢሮ ድረስ እንዲሄዱ ማኅበራችን ያስተባብራል። ለሟች ወዳጃችን ያለን ፍቅር የሚታየው ለቤተሰቡ የሚገባው ሳይጓደል እጁ ሲገባ ነው።