ከኤድና እስከ ሎስ አንጀለስ፦ የእኩልነት ሕግ ላቲኖዎችን የሚያይበት መነጽር

በቴክሳስ ግዛት በጃክሰን ካውንቲ የኤድና ከተማ ፍርድ ቤት ሁለት የወንዶች መጸዳጃ ቤቶች ነበሩት። በአንደኛው ላይ ምንም ምልክት አልነበረም። በሌላኛው ላይ ግን ለጥቁር ወንዶች መሆኑ በእንግሊዝኛ፣ «ወንዶች እዚህ» የሚለው ቃል ደግሞ በስፓኒሽ ተጽፎበት ነበር። ፒት ኸርናንዴዝ የተባለ የእርሻ ሠራተኛ በነፍስ ግድያ ተከሶ የዕድሜ ልክ እስራት የተፈረደበት በዚሁ ካውንቲ ነው። ከካውንቲው ነዋሪ 14 ከመቶ ያህሉ የሜክሲኮ ወይም የላቲን አሜሪካ ስም ያለው ቢሆንም፣ በቀደሙት 25 ዓመታት እንዲህ ያለ ስም ያለው አንድም ሰው በጁሪ አባልነት ተቀምጦ አያውቅም።

የግዛቲቱ መከራከሪያ በሕግ ትምህርት ቤቶች ከሚገባው በታች ይጠናል። ቴክሳስ ሜክሲኮ-አሜሪካውያን አልተገለሉም ብቻ አላለችም፤ ነጮች ናቸውና ነጮች በፈረዱባቸው ጊዜ አድልዎ ሊኖር አይችልም አለች። 14ኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያ የሚያውቀው ሁለት ወገን ብቻ ነው፣ ነጭና ጥቁር፤ ሦስተኛ የለም። ይህ «ነጭነት» ከባዶ የተፈጠረ አልነበረም። እ.ኤ.አ. በ1848 የተፈረመው የጓዳሉፔ ኢዳልጎ ውል በተወሰደው ምድር ለቀሩት ሜክሲኮአውያን ዜግነትን ፈቅዷል፤ በዚያን ዘመን ደግሞ የውጭ ተወላጅ ዜግነት ሊያገኝ የሚችለው ነጭ ከሆነ ብቻ ነበር። የሜክሲኮ-አሜሪካውያን ማኅበራትም ለዓመታት ይህንኑ ነጭነት እንደ ጋሻ ይዘውት ነበር። በኤድና ጋሻው ተገልብጦ የተመከተውን ሰው መታ።

ጠበቆቹ ገስ ጋርሲያና ካርሎስ ካዴና ጉዳዩን እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት አደረሱት። ፍርድ ቤቱ እ.ኤ.አ. ግንቦት 3 ቀን 1954፣ ማለትም ዝነኛው የብራውን ውሳኔ ከመሰጠቱ ሁለት ሳምንት ቀድሞ፣ በሙሉ ድምፅ ለኸርናንዴዝ ፈረደ። ዋና ዳኛው ኧርል ዋረን የጻፉት ውሳኔ አጭር ነው፤ የአስተሳሰብ ስልቱ ግን፣ በእኔ እይታ፣ በዚያ ዓመት ከተሰጡት ሁሉ የላቀ ነው። ሜክሲኮአዊ «ዘር» ነው ወይስ አይደለም ብሎ አልጠየቀም። የጠየቀው፦ በዚህ ማኅበረሰብ ውስጥ ሰዎቹ እንደ ተለየ ወገን ይታያሉ ወይ? ይህ የፍሬ ነገር ጥያቄ ነው፤ መልሱም በማስረጃ የሚገኝ ነው። ማስረጃውም የመጸዳጃ ቤቱ በር፣ ሜክሲኮአውያን አይስተናገዱም የሚል ማስታወቂያ የሰቀለ ምግብ ቤት፣ የመጀመሪያዎቹን አራት ክፍሎች ለብቻቸው የሚማሩ ሕፃናት ነበሩ።

ስልቱ ድክመትም አለው። ወገንነትን በየአካባቢው ማስረዳት ካስፈለገ በአንድ ካውንቲ የተገኘ ድል ለጎረቤቱ አይተርፍም። በኮርፐስ ክሪስቲ የሆነው ይህን ያሳያል። ከኸርናንዴዝ ውሳኔ ከአሥር ዓመት በላይ በኋላ እንኳ የከተማዋ ትምህርት ቤት አስተዳደር ሜክሲኮ-አሜሪካውያን ልጆች ነጮች ናቸው፤ ከጥቁሮች ጋር በአንድ ትምህርት ቤት ከተማሩ መለያየት ቀርቷል ብሎ ይሟገት ነበር። የነጮቹ ልጆች ትምህርት ቤቶች ሳይነኩ፣ ሁለቱ የተገለሉ ወገኖች እርስ በርሳቸው ተቀላቀሉና «ውሕደት» ተባለ። የፌዴራል ፍርድ ቤት ይህን የጣለው እ.ኤ.አ. በ1970 ነበር።

ይሁን እንጂ ትልቁ ጉዳት የደረሰው ከስልቱ ድክመት ሳይሆን ስልቱ ከመረሳቱ ነው። እ.ኤ.አ. በ1991 ሌላ ኸርናንዴዝ ከብሩክሊን ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቀረበ። ዐቃቤ ሕጉ የላቲኖ ዕጩዎችን ከጁሪው አስወጥቷል። ምክንያቱን ሲጠየቅ፣ ስፓኒሽ ስለሚችሉ የምስክሩን ቃል ራሳቸው ይሰማሉ፤ የአስተርጓሚውን ትርጉም ብቻ እንደሚቀበሉ እርግጠኛ አልሆንኩም አለ። አብዛኞቹ ዳኞች ይህ ከዘር ገለልተኛ የሆነ ምክንያት ነው ብለው ተቀበሉት። የዐቃቤ ሕጉ ስጋት ፈጽሞ ሐሰት ነው አልልም፤ ቋንቋውን የሚያውቅ ሰው ጆሮውን ሊዘጋ አይችልም። ነገር ግን የተቃውሞ ሐሳብ ያሰፈሩት ዳኛ ስቲቨንስ እንዳመለከቱት፣ ጁሪው እንግሊዝኛውን ብቻ እንዲሰማ ማድረግን የመሰለ ቀላል መፍትሔ ነበር። ዋረን ቢሆኑ በኒው ዮርክ ስፓኒሽ የሚናገረው ማን ነው ብለው በጠየቁ ነበር። የ1991ዱ ችሎት የጠየቀው ግን በዐቃቤ ሕጉ ልብ ውስጥ ያለውን ሐሳብ ነው፤ በልብ ያለ ሐሳብ ደግሞ በበር ላይ እንደ ተጻፈ ቃል አይነበብም።

በመንገድ ላይ ስለሚደረግ ማስቆም የተሰጠው ሕግም ተመሳሳይ ጉዞ ተጉዟል። እ.ኤ.አ. በ1975 በብሪኞኒ-ፖንሴ ጉዳይ ፍርድ ቤቱ የድንበር ጠባቂዎች መኪናን ተሳፋሪዎቹ ሜክሲኮአዊ ስለመሰሉ ብቻ ማስቆም አይችሉም አለ። መልካም። ነገር ግን መልክ ከሌሎች ምክንያቶች ጋር አንድ ምክንያት ሊሆን እንደሚችል ጨመረ። ያች ጭማሪ ከውሳኔው ራሱ ይልቅ ረጅም ዕድሜ አገኘች። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2025 በሎስ አንጀለስ አንዲት የፌዴራል ዳኛ የኢሚግሬሽን መኮንኖች በአራት ነገሮች ላይ ብቻ ተመሥርተው ሰው እንዳያስቆሙ አገዱ፤ በሚታይ ዘር ወይም ብሔር፣ ስፓኒሽ ወይም ዘዬ ያለው እንግሊዝኛ በመናገር፣ በሚገኙበት ቦታና በሚሠሩት ሥራ ዓይነት። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ መስከረም 8 ቀን እግዱን ለጊዜው አነሣ። ዳኛ ካቫኖ ደግፈው በጻፉት ሐሳብ ብሔር ብቻውን አይበቃም፣ ከሌሎቹ ጋር ግን ተገቢ ግምት ሊሰጠው ይችላል አሉ፤ በሕጋዊ መንገድ ለሚኖሩትም ቆይታው አጭር እንደሚሆን ገመቱ።

የመደመሩ አመክንዮ የሚጸናው አራቱ ነገሮች እርስ በርሳቸው የማይገናኙ ቢሆኑ ነው። ግማሽ ያህሉ ሕዝብ ላቲኖ በሆነበት ካውንቲ መልኩ ላቲኖ የሆነ፣ ስፓኒሽ የሚናገር፣ መኪና እጥበት ቤት የሚሠራ ሰው አራት የተለያዩ ጥርጣሬዎችን አልተሸከመም። አንዱን ማንነት አራት ጊዜ ቆጥረንበታል። ስታቲስቲክስ የተማረ ማንኛውም የድኅረ ምረቃ ተማሪ እርስ በርሳቸው የተዛመዱ ተለዋዋጮችን እንደ ነጻ ማስረጃ ቢደምር አማካሪው ይመልስበታል። ዳኛ ሶቶማዮር የተቃወሙትም ላቲኖ የሚመስል፣ ስፓኒሽ የሚናገርና ዝቅተኛ ደመወዝ በሚከፈልበት ሥራ የሚሠራ ሰው ሁሉ ለመያዝ የተጋለጠበትን አሠራር ነው።

ለእኛ አንባቢዎች ጉዳዩ ከሩቅ የመጣ ሊመስል ይችላል። የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 25 ቋንቋን አድልዎ ከተከለከለባቸው ምክንያቶች መካከል በስሙ ጠርቶታል፤ የአሜሪካው 14ኛ ማሻሻያ ግን እንዲህ ያለ ዝርዝር የለውም። በዚህ ብቻ የተሻልን ነን ብሎ መጻፍ ቀላል ነው፤ በአንዳንድ የመመረቂያ ጽሑፎችም አንብቤዋለሁ። ዳሩ ግን ከብሩክሊን የምናየው ክርክር የተነሣው ቋንቋ በዝርዝሩ ስለሌለ ብቻ አይደለም። «ቋንቋህን ሳይሆን ችሎታህን ነው» ወይም «ብሔርህን ሳይሆን የመጣህበትን ቦታ ነው» የሚል ሰው ሲመጣ፣ የተጻፈው ቃል ፊት ለፊት ሳይጣስ በጎን ይታለፋል። በንጽጽር ሕግ የሚጽፉ ተማሪዎቻችን ብራውንን እየጠቀሱ ኸርናንዴዝን የሚዘሉ ከሆነ፣ ለእኛ ጥያቄ ይበልጥ የሚቀርበውን መሣሪያ ትተው ነው።

የሎስ አንጀለሱ ውሳኔ ጊዜያዊ ነው፤ በፍሬ ነገሩ ላይ የመጨረሻ ፍርድ አይደለም። ሙግቱ በቀጠለ ቁጥር ጠበቆቹ መኮንኖቹ በልባቸው ምን እንዳሰቡ ለማስረዳት ከመድከም ይልቅ፣ ጋርሲያና ካዴና በኤድና ያደረጉትን ቢያደርጉ የሚሻል ይመስለኛል፦ ማን በየት ቆመ፣ ስንት ጊዜ ተያዘ፣ ከተያዙት ስንቱ ዜጋ ነበር፣ በዚያው መንገድ እንግሊዝኛ እየተናገረ ያለፈውን ማን ጠየቀው።