ከፋዩ ማን፣ በሩ የት?

በአሜሪካ የጤና ኢንሹራንስ ያለው ሰው ካርዱን ገልብጦ ቢያይ በጀርባው አጭር ቁጥር ያገኝ ይሆናል፤ ፔየር አይዲ ይሏታል። ብዙውን ጊዜ ባለ አምስት አኃዝ ናት፣ አንዳንዴም ፊደል ይቀላቀልባታል። የዩናይትድ ሄልዝኬር 87726፣ የኤትና 60054 ነው። ክሊኒኩ የክፍያ ጥያቄውን በኮምፒውተር ሲልክ መድረሻውን የሚወስነው ይህ ቁጥር እንጂ የኩባንያው ስም አይደለም። ቁጥሩ ከተሳሳተ ጥያቄው ሳይታይ ይመለሳል፤ ሲብስም ሌላ ከፋይ ዘንድ ገብቶ «አባላችን አይደለም» ተብሎ ዘግይቶ ይመጣል። ሜዲኬር ጥያቄ ለማቅረብ አንድ ዓመት ይሰጣል፤ ከግል ኢንሹራንሶች መካከል ግን በሦስት ወር በራቸውን የሚዘጉ አሉ።

ቁጥሩን የሚያወጣው መንግሥት አይደለም። አንዳንዱ ቁጥር የክፍለ ግዛት ኢንሹራንስ ተቆጣጣሪዎች ማኅበር ለኩባንያዎች ከሚሰጠው ኮድ የመጣ ነው። ሌላውን ያወጡት ጥያቄውን ከክሊኒክ ተቀብለው ለኢንሹራንሱ የሚያደርሱት ክሊሪንግሃውሶች ናቸው። ስለዚህ አንዱ ኢንሹራንስ በአንዱ ክሊሪንግሃውስ ዘንድ በአንድ ቁጥር፣ በሌላው ዘንድ በሌላ ሊታወቅ ይችላል።

ይህን አንድ ለማድረግ ተሞክሮ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1996 የወጣው ሂፓ የተባለው ሕግ ለሐኪሞችም ለኢንሹራንሶችም ብሔራዊ መለያ እንዲኖር አዘዘ። ባለ 10 አኃዙ የሐኪሞች ቁጥር፣ ኤንፒአይ፣ በ2007 ግዴታ ሆነ፤ ዛሬ ያለ እሱ ቢል መላክ የማይታሰብ ነው። የኢንሹራንሶቹ መለያ ደንብ ግን እስከ 2012 ሳይወጣ ቆየ፣ በ2014 ተፈጻሚነቱ ታገደ፣ በ2019 ጭራሽ ተሻረ።

ሐኪም አንድ ሰው ነው። የጤና ዕቅድ ግን ምኑ ነው የሚቆጠረው? ገንዘቡን ራሱ የሚከፍል ትልቅ አሠሪ ሒሳቡን ለሌላ ድርጅት ሰጥቶ ያሠራል፤ የሐኪሞቹን መረብ ደግሞ ከሦስተኛ ወገን ይከራያል። አዲሱ ቁጥር በሕግ ዕቅዱ ማን እንደሆነ ሊነግር ነበር የታሰበው፤ የክሊኒኩ የቢል ሠራተኛ የምትፈልገው ግን የቤቱን ባለቤት ሳይሆን ደብዳቤ የሚገባበትን በር ነው። ተቃዋሚዎቹ «ያለው አሠራር ጥያቄውን ያደርሳል፤ አትንኩብን» አሉ። መንግሥትን የሚያማክረው የጤና ስታቲስቲክስ ኮሚቴም በ2014 አዲሱ ቁጥር በክፍያ ጥያቄ ልውውጦች ላይ እንዳይውል መከረ። ክርክሩ ጠንካራ ነው፤ እኔም በዚህ እስማማለሁ።

ግን የሚያደርሰው ለማን ነው? ትልቅ ሆስፒታል ዝርዝሩን የሚከታተል ክፍል አለው፤ አንድ የቢል ሠራተኛ ያላት ትንሽ ክሊኒክ ስልክ ይዛ ትጠብቃለች። በየካቲት 2024 ቼንጅ ሄልዝኬር የተባለው ግዙፍ ክሊሪንግሃውስ በሳይበር ጥቃት ሲቆም ወደ ሌላ የተሻገሩ ክሊኒኮች የከፋዮቻቸውን ቁጥር ከአዲሱ ዝርዝር ጋር እንደገና ማመሳከር ነበረባቸው። ቁጥሩ የግል ዝርዝር ሆኖ ሲቀር ክሊኒኩ ክሊሪንግሃውሱን መቀየር ይከብደዋል፤ ይህ ደግሞ የሚጠቅመው ዝርዝሩን የያዘውን ነው።

ስለዚህ አዲስ ቁጥር የማያስፈልግ መሆኑ ምንም አያስፈልግም ማለት አይደለም። ኤንፒአይ ማንም በነፃ የሚያየው መዝገብ አለው። ያሉትን የከፋይ ቁጥሮች ሰብስቦ የትኛው ለሐኪም፣ የትኛው ለሆስፒታል፣ የትኛው ለጥርስ ሕክምና እንደሚያገለግል የሚያሳይ ተመሳሳይ መዝገብ ለምን አይኖርም? ኩባንያ ይሸጣል፣ ይዋሃዳል፣ ያልታደሰ መዝገብም ካለመኖሩ የባሰ ያሳስታል የሚለው ስጋት እውነት ነው። መታደሱ የሚረጋገጠው ግን የመዝገቡ ስህተት ያስከተለው መዘግየት በክሊኒኩ ላይ እንዳይቆጠር ከተደረገ ይመስለኛል። ኢንሹራንሶቹ የቆየ ጥያቄ በተዘጋ ሒሳብ ላይ ይመጣብናል ማለታቸው አይቀርም። ይምጣ፤ አድራሻውን በትክክል ማስመዝገብ በእነሱ እጅ ነው።