ገንዘቡን የሰጠ ንድፉንም ይስጥ ወይ?

ሴፕቴምበር 1 ቀን 2025 በኢራቅ ሞሱል ከተማ የሚገኘው ታላቁ የኑሪ መስጊድ ከነዘመመው ሚናራው እንደገና ተመረቀ። (በዚህ ጽሑፍ የማነሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።) ለከተማይቱ ሕዝብ ትልቅ የደስታ ቀን እንደነበረ አያጠራጥርም። እኔ ግን ከዜናው ሥር አንድ ጥያቄ ተቀብሮ ይታየኛል፤ የፈረሰ ነገር እንደገና ሲሠራ መልኩን የሚወስነው ማነው? ገንዘቡን የሰጠው? ሙያውን የያዘው? ወይስ በየቀኑ ደጁን የሚረግጠው የሰፈሩ ሰው?

ጥያቄው የኢራቆች ብቻ አይደለም። በየአገሩ ተበትነን ያለን ሰዎች አገር ቤት ላለ መስጊድም ሆነ ቤተ ክርስቲያን ማሠሪያ ገንዘብ ስናዋጣ የምንኖር ነንና ነገሩ በቀጥታ ይመለከተናል። ወደዚያ ከመድረሳችን በፊት ግን ሩቅ አገር ሄደን እንመለስ።

አንድ ሰው፣ ሁለት ሥራ

የኑሪን መስጊድ ያሠራው በ12ኛው መቶ ዘመን ሶርያንና ሰሜን ኢራቅን የገዛው ኑረዲን ዘንጊ ነው። መስጊዱ የተሠራው በ1172 ገደማ ሲሆን፣ 45 ሜትር ያህል ቁመት ያለው ሚናራው ከጊዜ በኋላ ወደ አንድ ጎን ስለዘመመ የሞሱል ሰዎች «አል ሐድባ» ማለትም «ጎባጣዋ» አሉት። የሚናራው አካል ሰባት መቀነት እንደታጠቀ ሰው ነው፤ እያንዳንዱ መቀነት የየራሱ የጡብ ጌጥ አለው። ልብ በሉ፣ ጌጡ በግድግዳ ላይ የተቀባ ቀለም አይደለም። ግንበኛው ጡቡን ሲደረድር አንዱን ወደ ውጭ አንዱን ወደ ውስጥ እያደረገ ያወጣው ነው።

አቡበከር አል ባግዳዲ ኸሊፋ ነኝ ብሎ በጁላይ 2014 በአደባባይ የታየው በዚሁ መስጊድ ነበር። ሦስት ዓመት ሳይሞላ፣ ጁን 21 ቀን 2017፣ የኢራቅ ጦር ሲቃረብ የዚያው ቡድን ተዋጊዎች መስጊዱንና ሚናራውን በፈንጂ አፈረሱት። ከስምንት መቶ ዓመት በላይ የቆመ ሥራ በደቂቃ ወደቀ። በ2018 ዩኔስኮ፣ የኢራቅ መንግሥትና የተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች ተስማሙ፤ ኤምሬቶች 50.4 ሚሊዮን ዶላር ለመስጠት ቃል ገቡ። በ2021 ለመስጊዱ ግቢ በወጣው ዓለም አቀፍ የንድፍ ውድድር 123 ንድፎች ቀረቡና የግብፅ አርክቴክቶች ቡድን አሸነፈ። ያን ጊዜ ነው ውዝግቡ የተነሣው። የኢራቅ አርክቴክቶች «ይህ የባሕረ ሰላጤ ከተሞችን እንጂ ሞሱልን አይመስልም» ብለው ተቃወሙ። ሚናራው ግን በቀድሞ መልኩ፣ ከፍርስራሹ የተለቀሙ ጡቦች ጭምር ገብተውበት፣ እንደዘመመ ተሠራ። የከተማው ሰው የሚፈልገው ያንን ነበረና።

ይኸው ኑረዲን ሌላም ሥራ አሠርቶ ነበር። ኢየሩሳሌም በመስቀል ጦረኞች እጅ ሳለች፣ ነፃ ስትወጣ አቅሳ መስጊድ ውስጥ የሚቆም ሚንበር፣ ማለትም ኢማሙ ወጥቶ ኹጥባ የሚያደርግበት መድረክ፣ በሐለብ ከተማ በ1168 ገደማ አዘዘ። እሱ ራሱ ሳያየው በ1174 ሞተ። ሳላሃዲን ኢየሩሳሌምን በ1187 ሲይዝ ሚንበሩን ከሐለብ አስመጥቶ አቆመው። ከዚያ በኋላ ወደ ስምንት መቶ ዓመት ለሚጠጋ ጊዜ ቆመ፤ ኦገስት 21 ቀን 1969 አንድ አውስትራሊያዊ መስጊዱ ውስጥ እሳት ለቅቆ አቃጠለው።

ጌጡ አጥንት ሲሆን

የሚንበሩ ታሪክ ከሞሱሉ ይልቅ ያስተምረኛል። ዮርዳኖስ ሚንበሩን መልሼ አሠራለሁ ብላ ስትነሣ ያጣችው ገንዘብ አልነበረም፤ የሚችል እጅ ነው። ሥራው ያለ ምስማርና ያለ ሙጫ እርስ በርስ የተጋጠሙ በብዙ ሺህ የሚቆጠሩ ትንንሽ እንጨቶች ነበረ። አንዱ ባለ ብዙ ጎን እንጨት ከሌላው ጋር የሚገጥመው ማዕዘናቸው በትክክል ሲሰላ ብቻ ነው። ስለዚህ ጂኦሜትሪው የእንጨቱ ማሳመሪያ ብቻ አይደለም፤ አጥንቱም ነው። እንጨት በሙቀትና በእርጥበት ሲነፋና ሲኮማተር መጋጠሚያዎቹ ትንሽ ትንሽ ይተነፍሱለታል፤ በዚህም አይሰነጠቅም። ጣውላ ላይ ተመሳሳይ መስመር ቢቀርጹበት ከሩቅ ያው ይመስላል፤ ነገር ግን ዓመታት ሲያልፉ ይታወቃል።

ይህን ዕውቀት የያዘ ሰው ማግኘት ዓመታት ፈጀ። ከቀሩት ቁርጥራጮችና ከድሮ ፎቶግራፎች ንድፉ እንደገና ተሰላ፤ ከተለያዩ አገሮች ባለሙያዎች ተሰባሰቡ፤ አዲሱ ሚንበር አቅሳ ውስጥ የቆመው በ2007 ነው። ከቃጠሎው እስከ ምረቃው 38 ዓመት መሆኑ ነው። እሳቱ አንድ ቀን ፈጀ፤ ዕውቀቱን ከመቃብር ማውጣት ግን የአንድ ትውልድ ዕድሜ ጠየቀ።

ለእኛ ለኢትዮጵያውያን ይህ ጥበብ እንግዳ ሊሆንብን አይገባም። በብራና መጻሕፍታችን ራስጌ ላይ የሚሳለውን፣ መስመር ከመስመር እየተጠላለፈ የሚሄደውን ጌጥ «ሐረግ» እንለዋለን። ፋርሶች የዚህን ዓይነት የጂኦሜትሪ ጌጥ «ጊሪህ» ይሉታል፤ ትርጉሙ ቋጠሮ ነው። እኛ ከተክል ስም አወጣንለት፣ እነሱ ከገመድ። ሁለቱም ጋ ዓይን አንዱን መስመር ተከትሎ ሄዶ ሄዶ ሌላ ውስጥ ይገባና መጀመሪያውን ያጣዋል። በ2007 ሁለት የፊዚክስ ሊቃውንት በኢስፋሃን በ1453 የተሠራውን የዳርብ ኢ ኢማም ሕንፃ አጥንተው፣ በጌጡ ውስጥ ያለው ሥርዓት የምዕራብ ሒሳብ በ1970ዎቹ ከደረሰበት ጋር እንደሚቀራረብ ጽፈዋል። የዚያ ዘመን ባለሙያ እዚያ መድረሱ ቆም ብሎ ማሰብን ይጠይቃል። ይህ ዕውቀት ከአባት ወደ ልጅ፣ ከጌታው ወደ ደቀ መዝሙሩ የሚወርድ ነው። አንድ ትውልድ ካመለጠ ያልቃል።

በጎ አድራጎት የሚያፈርሰው

ፈንጂና እሳት ያፈረሱትን ሁላችንም እናወግዛለን። በስጦታ የሚፈርሰውን ማውገዝ ግን ይከብዳል፤ ስጦታ ነውና። ሁለት ምሳሌ ላንሣ።

በሳራዬቮ የሚገኘው የጋዚ ሁስሬቭ ቤይ መስጊድ በ1530ዎቹ መጀመሪያ የተሠራ የኦቶማኖች ሥራ ነው። ከ1992 እስከ 1995 በነበረው ከበባ ተጎዳ። በ1996 በሳዑዲ ዓረቢያ ርዳታ እድሳቱ ሲጀመር፣ የውስጥ ግድግዳው ጌጥ ተነሥቶ ነጭ ሆነ። ብዙ ቦስንያውያን የሰርብ መድፍ ያልጨረሰውን እድሳቱ ጨረሰው ብለው አዘኑ፤ ጌጡም ከጊዜ በኋላ እንደገና ተሣለ። ይህን ያደረጉት ሰዎች ክፋት አስበው ነበር ብዬ አላምንም። በእነሱ አስተምህሮ በሚሰግድ ሰው ፊት ጌጥ ሐሳብን ይበትናል፤ መስጊድ ነጭ ሲሆን ይበልጥ ንጹሕ ነው። ሃይማኖታዊ አቋማቸውን አከብራለሁ። ችግሩ አቋማቸው ከቼኩ ጋር አብሮ መምጣቱ ነው። በራሳቸው አገርስ ቢሆን፣ መካ ውስጥ በ18ኛው መቶ ዘመን የተሠራው የኦቶማኖች የአጅያድ ምሽግ በ2002 ቱርክ እየተቃወመች ፈርሶ፣ ዛሬ በሥፍራው 601 ሜትር ከፍታ ያለው ባለ ሰዓት ሕንፃ ከነሆቴሎቹ ቆሟል።

የዚህ ተቃራኒ የሚገኘው ማሊ ውስጥ ነው። በ2012 ታጣቂዎች በቲምቡክቱ የቅዱሳን መካነ መቃብሮችን አፈረሱ። ዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት ከአጥፊዎቹ አንዱን በ2016 በዘጠኝ ዓመት እስራት ቀጣው፤ የፍርድ ቤቱ ታሪክ በቅርስ ማውደም ብቻ ሰው ተከስሶ ሲቀጣ የመጀመሪያው ነበር። ለእኔ ግን ከፍርዱ የሚበልጠው ሌላው ነው፤ 14ቱን መካነ መቃብሮች የከተማው ግንበኞች ራሳቸው እስከ 2015 አጋማሽ መልሰው ሠሯቸው። ገንዘቡ ከውጭ መጣ፤ እጁና ንድፉ ግን የአገሬው ነበር። ኢየሩሳሌም ላይ 38 ዓመት የወሰደው እዚህ በጥቂት ዓመት ያለቀበት ምክንያት ግልጽ ነው። የጭቃ ሕንፃ ዝናብ ስለሚሸረሽረው ደጋግሞ መለሰን አለበት፤ ስለዚህ ግንበኛው ሥራ ፈትቶ አያውቅም፤ ልጁም አብሮት ጭቃ ሲረግጥ ያድጋል። ሕንፃው ደካማ በመሆኑ ዕውቀቱ ጠነከረ።

ወደ አገራችን ስንመለስ

በ2006 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ መዝገብ የሰፈረችው የሐረር ጀጎል 82 መስጊዶችና 102 መካነ መቃብሮች እንዳሏት በመዝገቡ ተጽፏል፤ ከመስጊዶቹ ሦስቱ የ10ኛው መቶ ዘመን ናቸው። ብዙዎቹ ትንንሽ፣ በድንጋይ የተሠሩና በየመንደሩ መካከል የተሸጎጡ ናቸው። የሐረሪዎች ቤት ከፍና ዝቅ ብለው የተሠሩት መደቦች እያንዳንዳቸው የሚቀመጥባቸው ሰው በዕድሜና በማዕረግ የታወቀ ነው። የወለሉ ቀይ አፈር በ1887 በጨለንቆ ለፈሰሰው ደም መታሰቢያ ነው ይባላል። እንዲህ ያለው ቤት በሴራሚክ ሲለበጥ የሚሄደው መልኩ ብቻ አይደለም፤ አንድ ሕዝብ ለልጆቹ የሚነግርበት ገጽ አብሮ ይሄዳል።

ትግራይ ውስጥ የሚገኘውን የነጋሽ መስጊድ ደግሞ ሁላችንም እናውቀዋለን። የነቢዩ ሙሐመድ ተከታዮች በ615 ገደማ ወደ ሐበሻ መሰደዳቸው የሚታሰብበት ቦታ ነው። የቱርክ መንግሥት የርዳታ ድርጅት ያካሄደው እድሳት በ2018 ተጠናቅቆ ነበር፤ ሁለት ዓመት ቆይቶ፣ በኖቬምበር 2020 በተጀመረው ጦርነት፣ መስጊዱ በከባድ መሣሪያ ተመትቶ ተጎዳ፤ ተዘረፈም። እንዲህ ያለ ቦታ ሲጠገን ጥያቄው ከሞሱሉ ጋር አንድ ነው። የሚመለሰው የትኛው ነጋሽ ነው? አካባቢው የሚያውቀው? ወይስ ርዳታ ሰጪው በአገሩ የለመደው?

አሁን ወደ ራሳችን ልምጣ። የገንዘብ ማሰባሰቢያው ጥሪ ሲመጣ አብሮት የሚመጣውን ሥዕል እናውቀዋለን፤ ሲሚንቶ፣ አሉሚኒየም፣ የሚያብረቀርቅ ጉልላት፣ ከፎቶግራፍ የተቀዳ ሚናራ። አሮጌው በጽሑፉ ውስጥ የሚጠራው «ያረጀና የጠበበ» ተብሎ ነው። ለአብያተ ክርስቲያናትም ነገሩ ከዚህ አይለይም። ክፉ ያሰበ የለም። ዱባይና ዋሽንግተን ያየ ዓይን አገር ቤት ያለውን ትንሽ የድንጋይ መስጊድ ሲያይ ድህነት ይታየዋል፤ የሚወዳትን መንደሩን ከድህነት ሊያወጣት ይፈልጋል።

እዚህ ላይ ጠንካራ መልስ ያላቸው ሰዎች እንዳሉ አውቃለሁ። «አንተ ባሕር ማዶ ሞቆህ ተቀምጠህ የኛ ጣሪያ እያፈሰሰ ቅርስ ነው ትለናለህ? ምእመናኑ በዝተው ውጭ ፀሐይ ላይ ይሰግዳሉ፤ ሴቶች ቦታ የላቸውም፤ ውኃ የለም» ይላሉ። እውነታቸውን ነው። የሌላውን ሰው ችግር እንደ ሙዚየም ዕቃ በመስተዋት ውስጥ እንዲቀመጥ የመጠየቅ መብት የለኝም። መስጊድ የሚሰገድበት ነው፤ የሚሰግድ ከሌለው ቅርስነቱም ባዶ ነው። ነገር ግን መስፋትና መፍረስ አንድ አይደሉም። አዲሱን አጠገቡ ሠርቶ አሮጌውን ማቆየት ይቻላል። የሚያፈሰውን ጣሪያ አሮጌውን ግድግዳ ሳይነኩ መጠገን ይቻላል። ብዙ ጊዜ ይህ የማይደረገው ስለማይቻል ሳይሆን ማንም ስላልጠየቀ ነው።

ስለዚህ እኔ ከዚህ በኋላ ገንዘብ ከማዋጣቴ በፊት ሦስት ነገር እጠይቃለሁ፤ አንባቢም ቢጠይቅ ደስ ይለኛል። አንደኛ፣ አሮጌው ሕንፃ ተለክቶና ፎቶግራፍ ተነሥቶ ሰነዱ ተቀምጧል ወይ? ሚንበሩ የተመለሰው ፎቶግራፍ ስለነበረ ነው። ለዚህ የሚበቃ መሣሪያ ዛሬ በየሰዉ ኪስ ውስጥ አለ፤ ወጪውም ከምናዋጣው ኢምንቱ ነው። ሁለተኛ፣ በአካባቢው የድሮውን የድንጋይና የኖራ ሥራ የሚያውቅ ግንበኛ ካለ፣ ከሥራው ላይ ድርሻ አለው ወይ? ከጎኑስ የሚማር ወጣት ተመድቧል? ሦስተኛ፣ ሽማግሌዎቹ፣ ሴቶቹና ወጣቶቹ ንድፉን አይተውታል ወይስ ኮሚቴው ብቻ ነው ያየው? መልሱ «አላዩትም» ከሆነ ገንዘቡ ትንሽ ይቆይ።

ርዳታ ሰጪ ሁሉ ንድፍ ጫኝ ነው እያልኩ አይደለም። ሞሱል ላይ የሆነው ይህን ያሳያል፤ ገንዘቡ ከኤምሬቶች መጣ፣ የከተማው ሰው ግን ጎባጣዋን ጎባጣ አድርጉልን አለ፣ ተሰማም። የተሰማው ስለጮኸ ነው። አገር ቤት ያለው ሰው ግን ገንዘቡን ከላከለት ወንድሙ ጋር መሟገት ይከብደዋል፤ ይሉኝታ አለ፣ ምስጋና አለ፣ ነገ ደግሞ ሌላ ችግር አለ። ስለዚህ እሱ ሊጠይቀን የማይደፍረውን ጥያቄ እኛው ራሳችንን አስቀድመን መጠየቅ አለብን። ያለዚያ በጦርነት የተረፈውን በስጦታችን የምናፈርሰው እኛ እንሆናለን።