ከካሜራው በስተኋላ ያለው ሰው

ሲኒማ አይተን ስንወጣ በመንገድ የምንከራከረው ስለ ተዋናዮቹ ነው። እገሌ እንዴት አለቀሰ፥ እገሊት እንዴት አማረች እንላለን እንጂ፥ ያን ልቅሶና ያን ውበት በብርሃንና በጥላ መጥኖ ያሳየንን ሰው ስም የሚያነሣ ከመካከላችን አላገኘሁም። እኔም እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ እንዲሁ ነበርሁ። ዛሬ ግን ይህ ልማድ ፍርደ ገምድልነት መስሎ ስለሚታየኝ፥ ስለ አንድ የፊልም ካሜራ ባለሙያ አሳቤን ለመግለጥ እወዳለሁ።

ጄምስ ዎንግ ሃው እ.ኤ.አ. በ1899 በደቡብ ቻይና ተወለደ። በሕፃንነቱ ወደ አሜሪካ ተወስዶ በዋሺንግተን ግዛት አደገ፤ በወጣትነቱም ቦክስ ይጋጠም ነበር። በ1917 በሆሊውድ ዝቅተኛ ሥራ ይዞ፥ ቀጥሎ የትዕይንት ቁጥር የሚጻፍበትን ሰሌዳ ያዥ ሆነ።

ከዚህ ያወጣው ማስተዋሉ ነው። የዚያ ዘመን ፊልም ሰማያዊውን ቀለም አፍዝዞ ነጭ ያስመስለው ነበርና፥ ሜሪ ማይልስ ሚንተር የተባለች ሰማያዊ ዓይን ያላት ተዋናይት በዚህ ትቸገር ነበር። ሃው ፎቶግራፍ ቢያነሣት ዓይኗ ጠቁሮ ወጣ። ምክንያቱን ቢመረምር ከፊት ለፊቷ የነበረው ጥቁር ነገር በዓይኗ ውስጥ መንጸባረቁን ተረዳ። ስለዚህ ካሜራውን በጥቁር ከፈይ ከብቦ፥ በመካከሉም ለሌንሱ ቀዳዳ ትቶ ያነሣት ጀመር። ስሙም በዚህ ታወቀ።

አንዳንዶች፥ «ሁሉን የሚሞክር ሰው አንዱንም አይጨብጥም፤ የራሱም መልክ የለውም» ይላሉ። እኔ ግን በዚህ አልስማማም። ሃው በ1947 «ቦዲ ኤንድ ሶል» በተባለው ፊልም የቦክሱን ግጥሚያ ሲያነሣ፥ ከሥሩ ትንንሽ ጎማ ያለው ጫማ ተጫምቶ፥ ካሜራውን በእጁ ይዞ፥ በመድረኩ ላይ እየተገፋ ነበር። ተመልካቹም ከቡጢው መካከል የገባ ይመስለዋል። በ1963 በወጣው «ሀድ» ግን የቴክሳስን ደረቅ ሜዳና ባዶ ሰማይ በዝግታ አሳየ። በ1966 ደግሞ «ሰከንድስ» በተባለው ፊልም ሰፊ እይታ ባለው ሌንስ የሰውን ፊት እያጣመመ፥ ማንነቱ የጠፋበትን ሰው ጭንቀት ገለጠ። መልኩ ሦስት ነው፤ ጥያቄው ግን አንድ ነው፤ ይኸውም «ይህ ታሪክ ከእኔ ምን ይፈልጋል?» የሚል ነው። ለእኔ ሁለገብነት ማለት ይህ ነው። ዐሥር ጊዜ ለኦስካር ታጭቶ፥ «ዘ ሮዝ ታቱ» እና «ሀድ» በተባሉት ፊልሞች ሁለት ጊዜ ተሸልሟል።

ይህ ሁሉ የሆነው ግን መንገዱ ቀና ሆኖለት አይደለም። የአሜሪካ ሕግ እስከ 1943 ድረስ ቻይናውያን ስደተኞች ዜግነት እንዳያገኙ ይከለክል ነበር። በ1937 ደራሲዋን ሳኖራ ባብን በፓሪስ ቢያገባም፥ የካሊፎርኒያ ሕግ ነጭና ቻይናዊ እንዳይጋቡ ስለሚከለክል፥ ክልከላው በ1948 በፍርድ ቤት እስኪሻር ድረስ ጋብቻቸው በዚያ ግዛት አልታወቀላቸውም። የሌላውን ፊት በብርሃን ያሳመረ ሰው የራሱን ትዳር በጥላ ውስጥ ይኖር ነበር። ይሁን እንጂ ሥራውን በምሬት አላበላሸም።

ወንድሞቼና እኅቶቼ ሆይ፥ ትምህርታችንን ጨርሰን ልንወጣ ተቃርበናል። አብዛኞቻችን የምንመኘው ስማችን የሚጠራበትን ሥራ ነው። ከወላጆቻችንም መካከል «ካሜራ ይዞ መዞር ምን ሥራ ነው?» የሚሉ አይጠፉም። ነገር ግን አባቶቻችን ሙያ በልብ ነው ይላሉ። ዓለም የሚቆመው ፊት ለፊት በሚታዩት ብቻ አይደለም፤ ብርሃኑን የሚያስተካክልም ያስፈልጋል። እንግዲህ ሌላ ጊዜ ፊልም ሲያልቅ ለመውጣት አንጣደፍ፤ ጥቂት ታግሠን በመጨረሻ የሚመጡትን ስሞች እናንብብ። ምናልባት ከእኛ የአንዱ ስም ነገ በዚያ ይጻፍ ይሆናል።