ክለቡ ተመለሰ፤ ተጫዋቹስ?

ጦርነት ሲያበቃ የፈረሰ ድልድይ ይጠገናል፤ የተዘጋ ትምህርት ቤትም ይከፈታል። ያለጨዋታ ያለፈውን የኳስ ተጫዋች ዕድሜ ግን መልሶ የሚሰጠው የለም። ገበሬ አንድ ክረምት ቢያመልጠው፣ ከከረመ በሚቀጥለው ይዘራል። የተጫዋች ክረምት ግን አጭር ናት፤ ከ18 እስከ 32 ዓመት ገደማ።

የትግራይ ክለቦች የደረሰባቸውን ማስታወስ ይበቃል። መቀለ 70 እንደርታ በ2011 ዓ.ም. የፕሪሚየር ሊጉን ዋንጫ አነሳ። የ2012ቱ ውድድር በኮሮና ምክንያት ተሰረዘ። ጥቅምት 25 ቀን 2013 ዓ.ም. ጦርነቱ ፈነዳ፤ መቀለ 70 እንደርታ፣ ስሑል ሽረና ወልዋሎ አዲግራት ዩኒቨርሲቲም ከሊጉ ውጭ ሆኑ። የፕሪቶሪያው ስምምነት ጥቅምት 23 ቀን 2015 ዓ.ም. ቢፈረምም ወደ ሊጉ የተመለሱት በ2017 ዓ.ም. ነው።

ለክለቦቹ ቦታቸው መመለሱ ተገቢ ነው። ስሌቱ በተጫዋቹ በኩል ሲሠራ ግን ሌላ ነው። በ2012 ዓ.ም. 22 ዓመቱ የነበረ ልጅ ክለቡ ሲመለስ 27 ሞልቶታል። የቀናው ሌላ ክለብ አገኘ። ያልቀናው ጫማውን ሰቀለ፤ ስሙንም የሚያነሳው የለም።

ይህ በሌላውም ዓለም ደርሷል። ጃክ ለመስ የሚባል አሜሪካዊ፣ በእጅ ተይዞ በሚሮጥበት በአሜሪካኖቹ ፉትቦል፣ ለኒው ዮርክ ጃያንትስ የተጫወተው እ.ኤ.አ. በ1941 ለአንድ የውድድር ዘመን ብቻ ነው። ከዚያ ባሕር ወለድ ጦር ገባ። መጋቢት 1945 በኢዎ ጂማ ደሴት ፈንጂ ረግጦ ሞተ፤ 29 ዓመቱ ነበር። አገሩ ግን አልረሳችውም፤ ከፍተኛውን የጀግንነት ሜዳይ ሸለመችው፣ በስሙም መርከብ ሰየመች። የተቀማውን የጨዋታ ዘመን አልመለሰችለትም፤ ማን እንደነበር ግን መዝግባ ይዛለች።

አሁን ጥያቄው ጎጃም ደርሷል። በአማራ ክልል የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ የታወጀው ሐምሌ 28 ቀን 2015 ዓ.ም. ነው። ያኔ መርጡለ ማርያም ላይ ኳስ የሚያንቀረቅብ የ17 ዓመት ልጅ ነበር እንበል። የዚህ ልጅ መንገድ ከትምህርት ቤቱ ወደ ወረዳው፣ ከእነብሴ ሳር ምድር ወደ ምሥራቅ ጎጃም ዞን፣ ከዞን ወደ ክልል ነው። ትምህርት ቤት ሲዘጋ የትምህርት ቤቶች ውድድር የለም። መንገድ ሲዘጋ ደብረ ማርቆስ ወይም ባሕር ዳር ሄዶ መሞከር የለም። ሦስት ዓመት እንዲህ ካለፈ ልጁ 20 ሞላው፤ ከ17 ዓመት በታች የሚባለው በር ተዘጋበት፣ ከ20 ዓመት በታች የሚባለውም እየተዘጋ ነው።

«ሰው እየሞተ የምን ኳስ ነው?» የሚል አይጠፋም። የሞተው ሰው ይቀድማል፤ ክርክር የለውም። ግን ጦርነት የሚበላው የሞተውን ብቻ አይደለም። በሕይወት የተረፈውንም ወጣትነቱን ይበላዋል። ሜዳ ያጣ ልጅ ደግሞ አንድም ለስደት አንድም ለጠመንጃ ቅርብ ነው።

ጠመንጃውን ዝም ማሰኘት የፌዴሬሽን ሥራ አይደለም። በእጁ ያለ ነገር ግን አለ። ከግጭት አካባቢ ለሚመጡ ልጆች በታዳጊና በወጣት የአገር ውስጥ ውድድሮች የዕድሜ ጣሪያውን በሁለት ዓመት ከፍ ማድረግ ይችላል። መልማዮች ልጆቹን ከመጥራት ይልቅ፣ መንገዱ ሰላም ባገኘ ጊዜ ሁሉ ራሳቸው ወደ ወረዳዎቹ እንዲወርዱ ማድረግ ይችላል። ከሁሉ በፊት ግን በትግራይም በአማራም ውድድር ያቋረጡትን ስማቸውን፣ ክለባቸውንና ዕድሜያቸውን መመዝገብ ይችላል። ይህ ብዙ ገንዘብ አይጠይቅም።

ሰላም ሲመጣ ሊግ ይመለሳል፤ ዋንጫም ይነሳል። ያን ቀን «የጎደለው ማነው?» ተብሎ ሲጠየቅ፣ ቢያንስ ስም የሚጠራ ዝርዝር መኖር አለበት።