አንኮበር ሆግዋርትስ አልነበረችም

ሰሞኑን ደግሞ ይቺ ወሬ መጣች። «ፈረንጆቹ ሃሪ ፖተርን ፈጥረው ዓለምን አስደመሙ፤ እኛ የምር የአስማት አካዳሚ ነበረን፤ ንቀን ጣልነው።» ደብረ ብርሃን አንድ ካፌ ውስጥ ይህን ሲናገር የሰማሁት ልጅ ማኪያቶው እስኪቀዘቅዝ ድረስ ረስቶት ነበር። አካዳሚው የት ነበር ቢሉት «አንኮበር ነዋ!» አለ። ጠረጴዛው ሁሉ ራሱን ነቀነቀ። እኔም ልነቀንቅ ምንም አልቀረኝም። የእናቴ አባት የአንኮበር ደብተራ ነበሩ። እንዲህ ዓይነት አያት ያለው ሰው ደግሞ ለመንጠራራት ሰበብ አያጣም።

ግን ተውኩት። ለምን እንደሆነ ልንገራችሁ።

አካዳሚ ከፈለጋችሁ ቅኔ ቤት አለላችሁ። የዚያን ያህል እንግዳ የሆነ ዕውቀት የሚያስተምር ቤት እስቲ ጥሩልኝ! ልጁ ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ከውሻ ጋር ታግሎ ቁራሽ ይለምናል። ከዚያ ማንም ገበያ በማይወጣበት ቋንቋ፣ በግዕዝ፣ ማንም ያላለውን እንዲናገር ይጠየቃል። ቀን ዛፍ ሥር ተቀምጦ ሲቆጥር ይውላል፣ ማታ መምህሩ ፊት ይነግራል። በሁለት ቤቷ ጉባኤ ቃና ጀምሮ እስከ መወድስ ይወጣል። የትናንቱን ቢደግም፣ የባልንጀራውን ቢሰርቅ፣ ሰሙ ከወርቁ ቢጣላበት ጓደኞቹ እየሰሙ ይታረማል። ያፍራል፣ በማግስቱ ተመልሶ ይቆጥራል። ይህ ቤት ስንት ንጉሥ፣ ስንት ጦርነትና ስንት ረሃብ አልፎ ዛሬም አለ።

አስማቱስ? ቃሉ ራሱ ግዕዝ ነው፤ «ስሞች» ማለት ነው። ስውር የአምላክና የመላእክት ስሞችን ያወቀ ጋኔን ይገዛል ነው ነገሩ። ክታቡ በባለቤቱ ቁመት ልክ ብራና ላይ ይጻፋል፤ ዓይን ዓይን የሚያክሉ ጥልሰሞች ይሣሉበታል። በሥዕልነቱ የሚያስቀና ነገር ነው፤ የፓሪስና የለንደን ሙዚየሞች የሰበሰቡት በከንቱ አይደለም። ነገር ግን ይህ ትምህርት ጉባኤ ኖሮት አያውቅም። አንዱ ለአንዱ፣ በሌሊት፣ አስምሎ ነው የሚያስተላልፈው። የሚያርም መምህርም «ኧረ ይሄ ነገር አልሠራም» የሚል ባልንጀራም በሌለበት ስህተቱ ከትክክሉ ጋር አብሮ ይወረሳል። አብሾን ውሰዱ። ከአስተናግር ተቀምሞ ለተማሪ ትዝታን ይከፍታል ይባላል። አስተናግር ውስጥ ያለው ስኮፖላሚን የሚባለው ንጥረ ነገር ግን ተመራማሪዎች የሰውን ትዝታ ለማደንዘዝ የሚጠቀሙበት ነው! ስንቱ ልጅ ለማስታወስ ብሎ ጠጥቶ አብዶ ቀረ?

«በድብቅ የሆነው ስለተሳደደ ነው» ትሉኛላችሁ። እውነት ነው። አሳዳጁ ደግሞ የእኛው ከተማ መሥራች ነው። ከ1434 እስከ 1468 እ.ኤ.አ. የነገሠው ዘርዐ ያዕቆብ በመጽሐፈ ብርሃን አስማተኞችን አወገዘ፣ በባዕድ አምልኮ ተጠርጥረው የገዛ ልጆቹ ሳይቀሩ ተቀጡ። ዜና መዋዕሉ እንደሚነግረን እዚሁ ደብረ ብርሃን ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ካህናት ሌት ተቀን መዝሙር ይደግሙና ጠበል ይረጩ ነበር፤ የአስማተኛ ተንኮል ንጉሡን እንዳያገኘው። አስቡት፤ አስማትን የሚያሳድደው ሰው ከማንም በላይ አስማትን ያምን ነበር።

«ብንገልጠው ፈረንጅ ይወስደዋል» የሚለውም ባዶ ፍርሃት አይደለም። ዶክተር አክሊሉ ለማ በ1964 እ.ኤ.አ. አድዋ ላይ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ሲያጥቡ ከታች ያሉት ቀንድ አውጣዎች ሞተው አዩ፤ የቢልሃርዝያን ተሸካሚ የሚገድል ነገር ተገኘ። በ1990ዎቹ ደግሞ የአሜሪካው ቶሌዶ ዩኒቨርሲቲ እንዶድን ለሌላ ዛጎል ለበስ ተባይ ማጥፊያ የሚያደርግ ፓተንት አወጣ። ያናድዳል። ግን ልብ በሉ፣ አክሊሉ ያንን ያገኙት አጣቢዎቹ በጠራራ ፀሐይ፣ በወንዝ ዳር፣ በግልጽ ስለሚሠሩ ነው። ኮሶም ቢሆን በ19ኛው ክፍለ ዘመን አውሮፓ የመድኃኒት መጽሐፍ ውስጥ የገባው ማንም እየጠጣው ትሉ ሲወጣለት ስለታየ ነው።

አሁን ወደሚያሳምመኝ ልምጣ። ሰፈራችን ውስጥ አንድ ልጅ ውሻ ነከሰው። ቤተሰቡ ወደ ጤና ጣቢያ ሳይሆን ስሙን ወደማልጠራው መድኃኒት አዋቂ ወሰዱት። «ዘጠኙን አድኛለሁ» አላቸው ሰውዬው፤ አልዋሸም ይሆናል። የነከሰ ውሻ ሁሉ ያበደ አይደለም፣ ያበደ ውሻ የነከሰውም ሁሉ በሽታው አይዘውም። ከዘጠኙ ብዙዎቹ ቅጠል ሳይቀምሱም ይድኑ ነበር። ዐሥረኛው የእኛ ሰፈር ልጅ ሆነ። የእብድ ውሻ በሽታ ምልክቱ አንዴ ከታየ በኋላ የሚተርፍ የለም ማለት ይቻላል፤ ከዚያ በፊት ግን ቁስሉን ሩብ ሰዓት ያህል በሳሙናና በውሃ አጥቦ ወዲያው ክትባት መጀመር ያድናል። ክትባቱ ደግሞ ከ1885 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ያለ ነገር ነው! ሰውዬው የዳኑትን ብቻ ቆጠረ። ጉባኤ ቢኖረው ኖሮ የሞቱትን የሚቆጥርለት ሰው አያጣም ነበር።

እናም የካፌው ወዳጄ፣ ያጣነው አካዳሚ የለም። ያጣነው ቅጠሎቹን ነው፤ የወፍ ዋሻን ጫካ ዛፍ በዛፍ የሚያውቁ ሽማግሌዎች ምስጢራቸውን ይዘው እየሄዱ ነው። ከስንዴው እንክርዳዱን የሚለይ ሰው ሳይኖር ሁለቱም አብረው ይቀበራሉ። አንተ ደግሞ ቀብሩ ላይ ቆመህ ታጨበጭባለህ።

አያቴ ሲሞቱ አንድ የመድኃኒት ደብተር ትተዋል። ግማሹ በግዕዝ፣ ግማሹ ሆን ተብሎ ፊደሉ ተዘበራርቆ የተጻፈ ነው። ከአንኮበር 40 ኪሎ ሜትር ላይ፣ እዚሁ ደብረ ብርሃን ዩኒቨርሲቲ፣ በፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ ስም የተሰየመ የጤና ካምፓስ አለ። ወስጄ ላስገለብጠው ብላት እናቴ «የአባቴን ምስጢር ለመንገደኛ!» ብላ ሳጥኑን ቆለፈችው። ቁልፉ አንገቷ ላይ፣ ከክታቧ ጋር ታስሯል። በየሳምንቱ እጠይቃታለሁ።