በስፖኪዮ የታየች ፊት

«አሁን ደግሞ ራስን ማንሳት ጥበብ ሆነ?» የሚለውን ሹፈት ከሰማሁ ሰነበትኩ። አሿፊዎቹ ደግሞ የጥበብ ወዳጅ ነን ባዮች ናቸው። አንዲት ጀማሪ ተዋናይ ካሜራውን ወደ ራሷ ካዞረች «መታየት ወዳድ» ትባላለች፤ ፊቷን ቀለም ከቀባችማ «የፈረንጅ ኩረጃ» ነው።

የየትኛው ፈረንጅ? የዓለም ሎሬት እጅግ የተከበሩ ሜትር አርቲስት አፈወርቅ ተክሌ ራሳቸውን የሳሉበት ሥዕል እ.ኤ.አ. በ1981 ፍሎሬንስ ኡፊዚ ሙዚየም ሲገባ ያጨበጨብን እኛው አይደለንም? ወይስ ራስን ማየት የተፈቀደው ማዕረግ ላለው ብቻ ነው?

አይዳ ሙሉነህ እ.ኤ.አ. በ2018 ዳሎል ወርዳ ለወተር ኤይድ ስለ ውሃ ያነሳቻቸው ፎቶግራፎች በማግስቱ ዓመት ለንደን ሱመርሴት ሀውስ ታይተዋል። ተጎሳቁላ እንስራ ያዘለች ሴት ማየት የለመደ ዓይን፣ ሰውነቷን ቀለም ተቀብታ በጨው ሜዳ ላይ ቀጥ ብላ የቆመች ሴት ገጠመው። አደንቃለሁ። የስፔናዊው ሚጌል ያንሶ «ክራምብስ» (2015) ዳንኤል ታደሰንና ሰላም ተስፋዬን ይዞ ዓለም ካበቃላት በኋላ ያለውን ዘመን ሲያሳየን፣ እሱም የወረደው ወደ ዳሎል ነበር።

ሙግቴ እዚህ ላይ ነው። ዳሎል ለእንግዳ የዓለም መጨረሻ ይመስላል፤ ጨው ለሚጠርበውና ግመል ለሚጭነው ሰው ግን የሥራ ቦታ ነው። ማንነታችንን ፍለጋ የወረድንበት አገር የራሱ ባለቤት አለው እኮ!

ገላፊ ላይ፣ የጅቡቲ መንገድ ተሳቢዎች በተሰለፉበት፣ ፊልም መሥራት የምትመኝ አንዲት የአፋር ልጅ በቆመ መኪና ስፖኪዮ ውስጥ ፊቷን በስልኳ ስትቀርጽ አይቻለሁ። መስተዋቱ ውስጥ እሷ፣ ከኋላዋ የመኪና ሰልፍ፣ ከዚያ ወዲያ ድንበር። ሾፌሮቹ ሳቁባት። እነዚያው ሾፌሮች ጸጉሩን ያጎፈረ፣ ጊሌ የታጠቀ አፋር ባለፈ ቁጥር ሳይጠይቁ ያነሱታል፤ ያኔ የሚስቅ የለም።

አፋር ዳጉ የሚባል ወግ አለው። ሁለት መንገደኞች ሲገናኙ፣ ቢቸኩሉም እንኳ፣ ከየት እንደመጡ፣ ምን እንዳዩና ምን እንደሰሙ በዝርዝር ይነጋገራሉ። ልጅቱ የያዘችው ይህንኑ ነው፤ የምታወራው ወሬ የገዛ ፊቷ መሆኑ ብቻ ልዩ ያደርገዋል። ታዲያ ይህ ከማን ተኮረጀ?

የአዲስ አበባ የፊልም ሰዎች ሆይ፣ ወደ ሰመራ ስትወርዱ መሪ ተዋናይቱን ከዚያው መርጣችሁ፣ የአገሩን ሰው ለአጃቢነት ትፈልጉታላችሁ። እስቲ አንድ ጊዜ ካሜራውን ለገላፊዋ ልጅ ስጧትና እናንተ አጃቢ ሁኑ።